የሚሠራ ልጅ ምን ተብሎ ይጠራል? የፎቶግራፍ መግለጫና የዐማርኛ ሰዋስው

1. ቁመት፣ ዓመትና ሳንቲም

እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 1908 አሜሪካዊው ፎቶግራፍ አንሺ ሉዊስ ሃይን በሰሜን ካሮላይና ግዛት ዊትኔል ከተባለች ስፍራ ወደሚገኝ የጥጥ መፍተያ ፋብሪካ ገብቶ የአንዲት ልጅ ፎቶግራፍ አነሣ። ልጅቷ ከረጅም የማሽን ረድፍ አጠገብ ቆማ ወደ ካሜራው ትመለከታለች። ፎቶግራፉ ብቻውን የሚነግረን ይህንኑ ያህል ነው። ለምን እዚያ እንደ ቆመች፣ ለደቂቃ ጎራ ብላ ይሁን ዓመት ሙሉ ስትመላለስ ኖራ፣ ምስሉ አይናገርም። እናቷን ፍለጋ የመጣች ልጅ ናት ቢባል የሚያስተባብል አንዳች ነገር በምስሉ ውስጥ የለም። የሚያስተባብለው ሃይን ከምስሉ ጋር ያኖረው መግለጫ ነው። በመግለጫው መሠረት የልጅቷ ቁመት 51 ኢንች፣ ማለትም 130 ሴንቲ ሜትር ገደማ ነው፤ በፋብሪካው አንድ ዓመት ሠርታለች፤ ከዚያ ውስጥ በሌሊት የሠራችበት ጊዜ አለ፤ አራት የማሽን ጎን ትጠብቃለች፤ በቀን 48 ሳንቲም ይከፈላታል። ዕድሜዋን ሲጠይቃት በመጀመሪያ እንደማታስታውስ ተናገረች፤ ቀጥላም ለሥራ የሚያበቃ ዕድሜ እንደሌላት፣ ሆኖም እንደምትሠራ በምስጢር ነገረችው። በፋብሪካው ከነበሩት 50 ሠራተኞች መካከል ዐሥሩ እርሷን የሚያህሉ ልጆች እንደ ነበሩም መግለጫው ይጨምራል።

ሃይን (1874–1940) ካሜራ ያነሣው መምህር ሳለ ነው። በ1904 የተቋቋመው፣ የልጆችን ሥራ የሚመረምረው ብሔራዊ ኮሚቴ በ1908 ቀጠረው፤ (የኮሚቴውን ስም ወደ ዐማርኛ መመለስ ራሱ የዚህ ጽሑፍ ጥያቄ ስለ ሆነ ለጊዜው በዚህ አልፈዋለሁ።) ከዚያ በኋላ በነበሩት ዐሥር ዓመታት ያህል ውስጥ ያነሣቸው ከ5,000 በላይ ፎቶግራፎች ዛሬ በአሜሪካ የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ። በ1900 የአገሪቱ የሕዝብ ቆጠራ ከ10 እስከ 15 ዓመት ዕድሜ ካላቸው ልጆች መካከል ከ1.7 ሚሊዮን የሚበልጡት በሥራ ላይ መሆናቸውን መዝግቦ ነበር። ቁጥሩ የታወቀ ነበር፤ የጎደለው ማመን ነበር። ባለ ፋብሪካዎች በር ስለሚዘጉበት ሃይን አንድ ጊዜ መጽሐፍ ቅዱስ ሻጭ፣ ሌላ ጊዜ የእሳት አደጋ ተቆጣጣሪ መስሎ ይገባ ነበር። የልጆቹን ቁመት በኮቱ ቁልፎች ይለካ፣ እጁን ኪሱ ውስጥ ከትቶ ማስታወሻ ይጽፍ ነበር። ልጁ ዕድሜውን ሊዋሽ ይችላል፤ ወላጅም ሊዋሽለት ይችላል፤ ቁመት ግን አይዋሽም። እነዚያ ልኬቶች ምስሉን ለማስዋብ የተጨመሩ አይደሉም፤ ፎቶግራፉ ማስረጃ የሚሆነው በእነርሱ ነው።

ሕጉ ቶሎ አልተከተለም። በ1916 የወጣው የፌዴራል ሕግ በ1918 በጠቅላይ ፍርድ ቤት ተሻረ፤ ጸንቶ የቆየው የ1938ቱ ነው። ስለ ሃይን ሥራ ብዙ ተጽፏል፤ የሥነ ጥበብ ታሪክ ጸሐፍት የሚያተኩሩት ግን በብርሃኑና በልጆቹ ፊት ላይ ነው። የቋንቋ ባለሙያ ሊጠይቅ የሚገባው ሌላ ነው፦ ያ መግለጫ ወደ ዐማርኛ ቢመለስ ሰዋስው ምን ያስገድደናል? የትኛውን ነገር ሳንወድ እንድንናገር፣ የትኛውንስ ሳናውቅ እንድንተው ያደርገናል? ጥያቄው የትርጉም ልምምድ ብቻ አይደለም። የሚሠሩ ልጆች ፎቶግራፍ በዐማርኛ ጋዜጦች፣ በመማሪያ መጻሕፍትና በበጎ አድራጎት ድርጅቶች ዘገባ ላይ ይታተማል፤ ከሥሩም አንድ ዐረፍተ ነገር ይኖራል። ያ ዐረፍተ ነገር ልጁን ሠራተኛ ሊያደርገው፣ ልጅ ሊያደርገው ወይም ሁለቱንም ሊነሣው ይችላል።

2. አንድ ምስል፣ አራት ዐረፍተ ነገሮች

ከዚህ በታች ያሉት ምሳሌዎች ለዚህ ጽሑፍ የተዘጋጁ ናቸው። የዊትኔሏን ልጅ ምስል ይዘን በዐማርኛ ቢያንስ እንዲህ ልንል እንችላለን፦

(ሀ) ልጅቷ ክር ስትቀጥል።
(ለ) ትንሿ ፈታይ።
(ሐ) ልጅቷ በፋብሪካው አንድ ዓመት ሠርታለች።
(መ) ልጅቷን በሌሊትም ያሠሯታል።

የዐማርኛ የኅትመት ውጤቶች ልማድ (ሀ) ነው። «አርሶ አደሩ ጤፍ ሲያጭዱ»፣ «ልጆች ውሃ ሲቀዱ»፣ «ሚኒስትሩ ሪባን ሲቆርጡ»። ሲ- ያለበት ጥገኛ ሐረግ ዋና ግሥ ሳይከተለው ብቻውን ይቆማል፤ ነጥብም ይቀመጥለታል። ይህ ግንባታ ለፎቶግራፍ እንደ ተሰፋ ልብስ ነው፤ ምስሉ ቅጽበት ነው፣ ሐረጉም ቅጽበት ነው። ችግሩ ሐረጉ ጊዜ የሌለው መሆኑ ነው። «ልጅቷ ክር ስትቀጥል» ዛሬ ጠዋት ብቻ ሊሆን ይችላል፣ ለዓመታት ሊሆን ይችላል፣ ለካሜራው ተብሎ የተደረገም ሊሆን ይችላል። ባለ ፋብሪካው ሊለው የሚፈልገው ይህንኑ ነው። ድርጊቱ ይታያል፤ ታሪኩ ይጠፋል።

(ለ) ማንነት ይሰጣል። ፈታይ የባለቤት ቅጽል ነው፤ ከግሡ ወጥቶ ሰውን ይሰይማል። ሃይንም የወቅቱን የፋብሪካ ቋንቋ ተከትሎ ልጅቷን በዚሁ ዓይነት ስም ጠርቷታል። እዚህ ላይ የእንግሊዝኛውና የዐማርኛው ስም የሚገጥሙ ቢመስልም አይገጥሙም። በዐማርኛ ፈታይ ስንል እንዝርት የያዘች ሴት በዓይናችን ትመጣለች፤ ጥጡን አባዝታ፣ ነድፋ፣ ክሩን በጣቶቿ የምታወጣ። በፋብሪካው ውስጥ የሚፈትለው ማሽኑ ነው። የልጅቷ ሥራ በማሽኖቹ መካከል ወዲያ ወዲህ እየተመላለሰች ብናኙን መጥረግና የተበጠሰውን ክር መቀጠል ነው። ሥራው ጥበብ ሳይሆን ጥበቃ ነው፤ ከባድነቱም በርዝመቱ እንጂ በረቂቅነቱ አይደለም። «ትንሿ ፈታይ» ያልን እንደ ሆነ የሌላትን ሙያ ሰጥተናት የነበረባትን ድካም ወስደንባታል። በእኔ አስተያየት «ክር ቀጣይ» የሚለው ያልተለመደ ጥምረት፣ ምንም እንኳ ለጆሮ ቢሻክር፣ የተሻለ ትርጉም ነው።

(ሐ) የሃይን ልብ ያለበት ነው። ሠርታለች የሚለው የግሥ መልክ ያለፈውን ከአሁኑ ጋር ያስራል፤ አንድ ዓመት የሚለው መስፈሪያም ይቀበለዋል። ነገር ግን ይህ መልክ በዐማርኛ የፎቶ መግለጫ ውስጥ ብርቅ ነው፤ አንባቢ ከምስል ሥር ሲያገኘው ዜና እንጂ መግለጫ አይመስለውም።

(መ) ከሁሉም የሚለየው አድራጊውን ስለሚያመጣው ነው። አስደራጊው አ- ሲጨመር ትሠራለች የነበረው ያሠሯታል ይሆናል፤ ሦስተኛው የብዙ መደብም ስማቸውን ሳይጠራ «እነርሱ» የሚባሉ ሰዎችን ከምስሉ ጀርባ ያቆማል። በአሠሪና ሠራተኛ ሕግ ላይ የምናገኘው አሠሪ የተባለው ስም ራሱ ከዚህ ግሥ የተገኘ ነው። ሃይን ራሱ አንዳንድ ጊዜ አስደራጊውን በምስሉ ውስጥ አግኝቶታል። በጃንዋሪ 1911 በፔንስልቬንያ ደቡብ ፒትስተን ባነሣው የከሰል ማበጠሪያ ፎቶግራፍ ልጆቹ በረድፍ ጎንበስ ብለው ከከሰሉ መካከል ድንጋይ ይለቅማሉ፤ መግለጫው አቧራው እይታን እስከ መከልከል የሚደርስ መሆኑን፣ ልጆቹን እየነካካና በእርግጫ እያለ የሚያሠራ ሰው አንዳንድ ጊዜ ከላያቸው እንደሚቆምም ይናገራል። ያን ምስል «ልጆች ድንጋይ ሲለቅሙ» ብሎ መተርጎም ሰዋስዋዊ ስሕተት የለበትም። አንድ ሰው ግን ከምስሉ ያስወጣል።

ስለ አክብሮት አንድ ነገር ልጨምር። የዐማርኛ መግለጫ ለማይታወቅ ጎልማሳ «ሲያርሱ» ይላል፤ ለልጅ «ሲያርስ» ይላል። ሌላው ሁሉ ልጁን ወደ ሠራተኛነት ሲገፋው የአንቱታ አለመኖር ልጅነቱን ይመሰክርለታል። ከእንግሊዝኛ የሚተረጉም ሰው ይህን ያለ ፈቃዱ ይጨምራል፤ በዋናው መግለጫ ውስጥ የሌለ መረጃ ነው።

3. መነሣትና ማንሣት

ዐማርኛ ፎቶግራፍን በማንሣት ግሥ ይናገራል። አንሺው ያነሣል፤ የሚታየው ሰው ደግሞ ይነሣል። ተነሣ ከተደራጊነት ይልቅ ወደ ራስ አድራጊነት የሚያዘነብል ግሥ ነው፤ ከአልጋ የሚነሣውና ለጉዞ የሚነሣው ሰውም በዚሁ ግሥ ነው የሚነገርለት። «ልጁ ፎቶ ተነሣ» ስንል ልጁ ቆሞ፣ ልብሱን አስተካክሎ፣ ፈቅዶ ይታየናል፤ የፎቶ ቤት ትዝታ በግሡ ውስጥ አለ። «ልጁን ፎቶ አነሡት» ስንል ፈቃዱ ይጠፋል። በዕቃ ማራገፊያ ላይ ጆንያ ተሸክሞ ሲያልፍ ምስሉ የተወሰደበትን ልጅ ፎቶ ተነሣ ማለት የዐማርኛ ጆሮ የሚቀበለው አይመስለኝም። አነሡት እንላለን። ስለ ፈቃድና ስለ ሙያ ሥነ ምግባር ረጅም መመሪያ የሚጽፉ ሰዎች ይህን ልዩነት ቋንቋው አስቀድሞ እንዳበጀላቸው ቢያስተውሉ መልካም ነበር። የሃይን ልጆች አብዛኞቹ በዚህ ረገድ የተነሡ ናቸው፤ ቀጥ ብለው ቆመው ካሜራውን ያያሉ። የመሣሪያው ክብደትና የማግኒዚየሙ ብልጭታ ሌላ ምርጫ አይሰጥም ነበር፤ ይሁንና ከዚያ ቴክኒካዊ ግዴታ የወጣው ውጤት ልጆቹን ባለ ፊት አድርጓቸዋል።

4. «ዘከመ»፦ የቀደመው የመግለጫ ልማድ

የምስል መግለጫ ከጋዜጣ ጋር የመጣ ነገር ተደርጎ ሲነገር ይሰማል። በኢትዮጵያ የብራና መጻሕፍትና የቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ሥዕሎች ላይ ግን በሥዕሉ ውስጥ የተጻፈ መግለጫ የቆየ ልማድ ነው፤ በግእዝ ብዙ ጊዜ የሚጀምረውም «ዘከመ» ብሎ ነው፤ እንዲህ እንዲህ እንደ ሆነ ማለት ነው። የሚከተለው ግሥ ኀላፊ ነው። ሥዕሉ የሚያሳየው ቅጽበት ቢሆንም መግለጫው የተፈጸመ ታሪክ ያደርገዋል። ዛሬ ሲ- ብለን የምንጽፈውን የጥንቱ ጸሐፊ «እንደ…» ይለው ነበር ማለት ነው። ከሁለቱ የሃይንን መንገድ የሚቀርበው የጥንቱ ነው፤ እርሱም የሚያሳየውን ሳይሆን የሆነውን ሊመሰክር ይሻ ነበርና።

በዚሁ የሥዕል ልማድ ውስጥ እጅግ ብዙ ጊዜ የተሣለች የምትሠራ ልጅ አለች። በብሥራት ሥዕል ላይ መልአኩ ገብርኤል ሲመጣ ድንግል ማርያም እንዝርት ይዛ፣ ሐርና ወርቅ እየፈተለች ትታያለች። ትውፊቱ በወላጆቿ ቤት ሦስት ዓመት፣ በቤተ መቅደስ ዐሥራ ሁለት ዓመት እንደ ቆየች ስለሚናገር በዚያ ሰዓት ዕድሜዋ 15 ዓመት ይሆናል። በዛሬው የሕግ ቋንቋ «ወጣት ሠራተኛ» የሚባለው ዕድሜ መጀመሪያ መሆኑ ነው። ይህን ስል ሥዕሉን ወደ ማኅበራዊ ጥናት ለማውረድ አይደለም። ማሳየት የምፈልገው መግለጫው ምን እንደሚሰይም ነው፦ መልአኩ እንዳበሠራት ይናገራል፤ ፈትሉን አይናገርም። ሥራው በእጇ ላይ ነው፤ ሥዕሉን የሚያውቅ ሁሉ ያየዋል፤ ስም ግን አያገኝም። በተመሳሳይ የልደት ሥዕል ላይ ኖሎት፣ እረኞቹ፣ ይታያሉ፤ የገና ጨዋታም ከእነርሱ ደስታ ጋር ተያይዞ ይነገራል። እረኛው ሥራ ላይ ሳለ የሚጫወት፣ እየተጫወተ የሚሠራ ሆኖ በሥዕልም በቃልም ጸንቷል።

5. ስም ያላቸው ልጆች

ስለ እረኛ ከተነሣ፣ ዐማርኛ ለሚሠራ ልጅ ስም የሚያወጣበት መንገድ አንድ ወጥ አይደለም። እረኛ እንደ ሠራተኛ በ-ኛ ያበቃል። ነገር ግን «በእረኝነቴ ዘመን» ያለ ሰው ስለ ሥራ ታሪኩ ሳይሆን ስለ ልጅነቱ እየተናገረ ነው፤ ስሙ ከሙያ ስምነት አልፎ የዕድሜ ስም ሆኗል። ገዥዎች የሕዝቡን ልብ ለማወቅ «እረኛ ምን አለ?» ብለው ይጠይቁ ነበር የሚለው ቃልም ሥልጣን የሌለውን፣ ሆኖም የሚደመጠውን ልጅ ያቆምልናል። የገጠሩን እረኛ በፎቶግራፍ ያየ የከተማ ሰው ናፍቆት እንጂ ቁጣ የማይሰማው ከምስሉ ይልቅ ከስሙ የተነሣ ይመስለኛል።

የከተማው ስሞች ሌላ ዓይነት ናቸው። ሊስትሮ ከጣሊያንኛ የመጣ ነው፤ መነሻው ማብረቅ ማለት ሲሆን በዐማርኛ ሥራውንም፣ ሠሪውንም ይሰይማል። ቁራሌው ልጁ ወይም ጎልማሳው በየሰፈሩ እየዞረ ከሚያሰማው ጥሪ የወጣ ነው። ከሁሉ የሚያስገርመው ሱቅ በደረቴ ነው፤ የመጀመሪያ መደብ አገናዛቢ፣ -ኤ፣ በስሙ ውስጥ ተቀብሮ ቀርቷል። «ሱቅ በደረቴዎቹ መጡ» ስንል የሌላውን ሰው ደረት «ደረቴ» እያልን ነው። ስሙ በልጁ አንደበት የተነገረ ዐረፍተ ነገር ነበር ማለት ይቻላል፤ እኛ ወርሰን ስም አደረግነው። በፎቶግራፍ መግለጫ ውስጥ የልጁ ድምፅ ሳይታወቅ ከገባባቸው ጥቂት ቦታዎች አንዱ ይህ ነው።

መጥሪያውም እንዲሁ ይመርጣል። ጫማውን የሚያስጠርገው ሰው «ሊስትሮ!» ብሎ ሊጣራ ይችላል፣ «ማሙሽ» ብሎም ሊጣራ ይችላል። ልጁ በሁለቱም «አቤት ጋሼ» ብሎ ይመጣል። የመጀመሪያው ሥራውን፣ ሁለተኛው ልጅነቱን ጠርቷል።

ከእነዚህ የሰፈር ስሞች በላይ የሕግና የተቋማት ቃል አለ፦ የሕፃናት ጉልበት ብዝበዛ። ከላይ ያለፍኩት የኮሚቴው ስም በዛሬ ተርጓሚ እጅ ቢገባ «ብሔራዊ የሕፃናት ጉልበት ብዝበዛ ኮሚቴ» ሳይባል አይቀርም፤ ያን ቢባል ኮሚቴው በዝባዥ መምሰሉ አንድ ነገር ነው፣ ዋናው ግን ሌላ ነው። የእንግሊዝኛው ሐረግ ልጅና ሥራን ጎን ለጎን አስቀምጦ ፍርዱን ለአንባቢ ይተዋል። ዐረብኛው ዒማለት አል-አጥፋልም እንዲሁ ነው። ስዋሂሊ ሁለት መንገድ ይዟል፤ አጂራ ያ ዋቶቶ የልጆች ቅጥር ሲሆን፣ ኡቱሚኪሽዋጂ ዋ ዋቶቶ ግን አስደራጊና ተደራጊ ምዕላዶችን በአንድ ግሥ ላይ ደራርቦ ልጆች እንዲያገለግሉ መደረጋቸውን ይናገራል። ዐማርኛ በሰዋስው ሳይሆን በቃል ምርጫ ፈረደ፤ በዘበዘ ማለት ዘረፈ ነው። ፍርዱ ትክክል ሊሆን ይችላል። ነገር ግን ብዝበዛ መሆን አለመሆኑ ገና የሚጠየቅበትን ነገር የምንጠራበት ስም አሳጥቶናል። መጠይቅ ላይ «በሕፃናት ጉልበት ብዝበዛ ውስጥ ያለ ልጅ በቤትዎ አለ?» ተብሎ አይጠየቅም፤ ማንስ አዎን ይላል?

ሕፃን የሚለውም ቃል የራሱ ሸክም አለው። በተለመደው ንግግር ሕፃን በእናቱ ጭን ያለ ነው፤ የምስለ ፍቁር ወልዳ ሥዕል ሕፃን። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 36 የሕፃናት መብት የሚለውና ኢትዮጵያ በ1991 እ.ኤ.አ. ያጸደቀችው ዓለም አቀፍ ስምምነት ግን እስከ 18 ዓመት ያለውን ሁሉ ሕፃን ይለዋል። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ደግሞ 15 ዓመት ሆኖት 18 ያልሞላውን ወጣት ሠራተኛ ይለዋል፤ ቀኑን ከሰባት ሰዓት በላይ እንዳይሠራም ይከለክላል። የቤተሰብ ሕጉ አካለ መጠን ያላደረሰ ይለዋል። አንድ የ16 ዓመት ልጅ ሸማ ሠሪ ዘንድ ማግ ሲያጠነጥን ፎቶግራፍ ቢነሣ፣ ሦስት ሕጎች ሦስት መግለጫ ይሰጡታል፤ ሠፈሩ «ልጁ» ይለዋል። «ሕፃን ማግ ሲያጠነጥን» ብሎ ከሥሩ የጻፈ ሰው በሕግ ትክክል ነው፤ አንባቢው ግን ወደ ምስሉ ተመልክቶ ጢሙ ያቆጠቆጠ ጎረምሳ ሲያይ መግለጫውን አያምንም። ሃይን በሰንቲ ሜትር የገነባውን እምነት አንድ ቃል ታፈርሰዋለች።

6. አደር

በ1960ዎቹ መጨረሻና በ1970ዎቹ ዓመተ ምሕረት ዐማርኛ ለሠራተኛ አዳዲስ ስሞች አወጣ። ወዛደር፣ ላብ አደር፣ ሠርቶ አደር፤ ገበሬና ጭሰኛ የነበረውም አርሶ አደር ሆነ። የዘመኑ የፖስተር ሥዕል ከእነዚህ ስሞች ጋር እጅና ጓንት ነበር፦ ባለ መዶሻው ወዛደር፣ ባለ ማጭዱ አርሶ አደር፣ ባለ ጠመንጃው ወታደር፤ ሁሉም ጎልማሳ፣ ሁሉም ደረተ ሰፊ። በዚህ ሰልፍ ውስጥ ልጅ በተስፋነት እንጂ በሠራተኛነት አይቆምም። ስሙም አይፈቅድለትም፤ አደር በወዙ ራሱን ችሎ የሚያድር ማለት ነውና፣ ልጅ ደግሞ የሚያድረው በወላጁ ነው።

ወይም በሌላ ሰው። አደረ የሚለው ግሥ የቆየ ሌላ ትርጉም አለው፤ ለጌታ አደረ፣ ሰው ቤት አደረች ሲባል አገልጋይ ሆነ፣ ሆነች ማለት ነው። የሚያሳድረው ጌታ አሳዳሪ ይባላል። ወዛደርን ያከበረው ግሥና ገረድን የሰየመው ግሥ አንድ መሆኑን የዘመኑ ቃል ፈጣሪዎች አስበውት ይሁን አይሁን፣ ፖስተሮቹ ላይ ግን የቆመው የመጀመሪያው ብቻ ነው።

7. ስም የሌላት

እስካሁን የቆጠርናቸውን ስሞች መልሰን እንይ፤ እረኛ፣ ሊስትሮ፣ ቁራሌው፣ ሱቅ በደረቴ። በልማድ አእምሯችን የሚያቀርበው ሁሉንም ወንድ አድርጎ ነው፤ ሁሉም ከቤት ውጭ ናቸው፤ ሁሉም ለፎቶግራፍ አንሺ መንገድ ላይ ይገኛሉ። ውሃ የምትቀዳው፣ ቡና የምትወቅጠው፣ ታናሹን የምታዝለው ልጅ የሥራ ስም የላትም። ግሥ አላት እንጂ። ትላላካለች፣ ታግዛለች፣ ታዛዥ ናት። እነዚህ ግሦች ሁሉ ሌላውን ሰው በውስጣቸው ይዘዋል፤ የሚልክ፣ የሚታገዝ፣ የሚያዝ። «ልጅዎ ትሠራለች?» ተብላ የተጠየቀች እናት «የለም፣ ታግዘኛለች» ብትል አልዋሸችም፤ በዐማርኛ ሁለቱ ሁለት ነገሮች ናቸው። መጠይቁን የተረጎመው ሰው ሠራ ከሚለው ግሥ ጋር አገዘንና ተላላከን አብሮ ካላስገባ የሚያገኘው ቁጥር የወንዶች ቁጥር ይሆናል። ይህን የምለው ስለ ስታቲስቲክስ ሳይሆን ስለ ግሥ ነው፤ ግን ከግሡ የሚወጣው ቁጥር ነው የሚታተመው።

አንድ ስም አለ ይባል ይሆናል፦ ሞግዚት። በሰው ቤት ሕፃን የምትጠብቅ የዐሥር ዓመት ልጅ ሞግዚት ትባላለች። በቤተሰብ ሕጉ ውስጥ ደግሞ አካለ መጠን ያላደረሰ ልጅ የሚሾምለት አሳዳሪና ሞግዚት ነው። የሕግ ሞግዚት የሚያስፈልጋት ልጅ የሞግዚትነት ስም ይዛለች፤ በሕጉ ውስጥ ጠባቂ የሆነው አሳዳሪም በቀድሞው ልማድ ጌታዋ ነው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ በበኩሉ ለትርፍ ያልሆነን የግል አገልግሎት ቅጥር ከወሰኑ ውጭ ስለተወው ወጣት ሠራተኛ የሚለው ስም እርሷን አይደርሳትም።

ፎቶግራፏ ግን ይገኛል። ጀርባዋ ላይ ሕፃን፣ እጇ ላይ ቢጫ ጀሪካን፣ ከኋላዋ የቦኖ ውሃ ወረፋ፤ ይህን የመሰለ ምስል ያላሳተመ ድርጅት ጥቂት ነው። መግለጫው በልማዱ «ልጅቷ ወንድሟን አዝላ ውሃ ስትቀዳ» ይላል። ሁለት ሥራ በምስሉ ላይ አለ። ዐማርኛ አንዱን በቦዝ አንቀጽ፣ አዝላ ብሎ፣ እንደ ልብስ ወይም እንደ አቋቋም ያስከትለዋል፤ ኮፍያ አድርጋ፣ ፈገግ ብላ፣ ወንድሟን አዝላ። እንደ ሥራ የሚቆጠረው መቅዳቱ ብቻ ይሆናል። ወንድሟ የሚለውም የተጠየቀ ነገር አይደለም፤ ሕፃን ያዘለች ልጅ ሁሉ እህት ትመስላለች። ሃይን ቢሆን የማን ልጅ እንደ ሆነ፣ ከስንት ወር ጀምሮ እንደምታዝለው፣ ማታ የት እንደምታድር ይጠይቃት ነበር፤ ከጥያቄው በኋላ የሚጻፈው ዐረፍተ ነገርም ምናልባት «ከመስከረም ጀምሮ የአሳዳሪዎቿን ልጅ ያሳዝሏታል፤ ውሃም ያስቀዷታል» የሚል ይሆን ነበር።